ማርጋሪታ ሺርጉ፦ በአማርኛ ስንጽፋት የሚበላሹ ነገሮች

#1 መጋረጃ ገላጭ

ሰላም ለሁላችሁ። ስፔናዊቷን ተዋናይት ማርጋሪታ ሺርጉን በአማርኛ ላስተዋውቅ ብሎ የሚነሳ ሰው «የሎርካ ተዋናይት» ብሎ ይጀምርና ሎርካን ተርኮ ይጨርሳል። ሴትዮዋ ግን የራሷን የቴአትር ቡድን የምትመራ፣ የሚሠራውን ተውኔት የምትመርጥ፣ ኪሳራው ሲመጣም የምትሸከም ሰው ነበረች። ገጣሚውና ጸሐፌ ተውኔቱ ፌዴሪኮ ጋርሲያ ሎርካ የመጀመሪያ ተውኔቱ በ1920 ማድሪድ ላይ ወድቆበት ሁለተኛውን የሚያወጣለት አጥቶ ሲንከራተት እሷ በሙያው ወደ 20 ዓመት አስቆጥራለች። ማን የማን እንደነበረ ከዚህ መጀመር አለበት።

የአጭሩ የሕይወት መስመር ረቂቅ ይኸው። ጎደለ የምትሉትን ሙሉ፣ ተሳሳተ የምትሉትን አርሙ። ዓመቱ ሁሉ እ.ኤ.አ. ነው።

ጁን 18 ቀን 1888 ባርሴሎና አጠገብ ሞሊንስ ዴ ሬይ ተወለደች፤ የሠራተኛ ቤተሰብ ልጅ ናት። ትወናን የጀመረችው በሠራተኞች መሰብሰቢያ ማኅበራት፣ ካለ ክፍያ ነው። በ1906 ባርሴሎና ሮሜያ ቴአትር ገባች፤ ሙያዋ ከዚህ ይቆጠራል። በ1910 የኦስካር ዋይልድን «ሳሎሜ» በካታላን (በባርሴሎና አካባቢ ቋንቋ) ተጫውታ ከተማውን አነጋገረች። በ1913 ደቡብ አሜሪካን ዞረች፤ በ1914 ማድሪድ፣ ፕሪንሴሳ ቴአትር ቀረበች። በ1916 ከቤኒቶ ፔሬስ ጋልዶስ ልቦለድ የተወሰደውን «ማሪያኔላ»፣ በ1918 ደግሞ ከራሱ ከጋልዶስ የመጨረሻ ተውኔቶች አንዱ የሆነውን «ሳንታ ሁዋና ዴ ካስቲያ» ሠራች። ጋልዶስ ያኔ ዓይነ ስውር ነው፤ የራሱን ገፀ ባሕርይ በጆሮው ብቻ ነው የተከታተላት።

ከዚያ የሎርካ ሥራዎች፦ «ማሪያና ፒኔዳ» በ1927፣ «ዬርማ» በ1934፣ «ዶኛ ሮሲታ» በ1935። በጃንዋሪ 1936 ለጉብኝት ትርኢት ወደ ኩባና ሜክሲኮ ወጣች። በጁላይ የስፔን የእርስ በርስ ጦርነት ፈነዳ፤ ስፔንን ዳግም አላየችም። ኤፕሪል 25 ቀን 1969 ሞንቴቪዴዮ አረፈች።

#2 ወይራ

በስሟ እንጀምር፤ በጣም የሚበላሸው እሱ ነው። በላቲን ፊደል Xirgu ተብሎ ይጻፋል፤ «ክሲርጉ» ብሎ የሚጽፍ የእንግሊዝኛውን ኤክስ አይቶ ነው። «ሂርጉ» የሚለው ደግሞ «ሜክሲኮ»ን በስፓኒሽ «ሜሂኮ» ሲሉ ሰምቶ ነው። ሁለቱም አይደለም። ስሙ ካታላን ነው፤ በካታላን ይህ ፊደል በቃል መጀመሪያ ላይ «ሽ» ነው። ስለዚህ ሺርጉ፣ ጫናውም በመጨረሻው ክፍለ ቃል፣ ሺር-ጉ። የማድሪድ ሰው «ሲርጉ» ሲል ብትሰሙ አትደናገጡ፤ በስፓኒሽ አነባበብ በቃል መጀመሪያ ያለው ኤክስ «ስ» ይሆናል። ለአማርኛ ግን ከባለቤቷ ቋንቋ መውሰድ ይሻላል።

«ማርጋሪታ» ወይስ «ማርጋሪዳ» የሚለው ሌላ ጥያቄ ነው። በመድረክ የምትታወቀው በመጀመሪያው ነው፤ ካታላኖች ሁለተኛውን ይላሉ። ካታላን ጫና የሌለበትን «ኣ» ያደበዝዘዋል፤ የሚወጣው ድምፅ የእኛው ግዕዝ (የመጀመሪያው) አናባቢ ነው ማለት ይቻላል። «መርገሪደ» ብላችሁ አንብቡት፤ የባርሴሎና ሰው ሲጠራው የምትሰሙት እሱን ነው። የላቲን ፊደል ይህን ማሳየት አይችልም፣ የእኛ ፊደል ይችላል :)

#3 ጉልላት

@ወይራ፣ ታዲያ ማድሪድ ስትገባ ያስቸገራት ይሄው መሆን አለበት። ካታላን ተናጋሪ ካስቲያኛ (ስፓኒሽ ማለት ነው) ሲናገር አፉ ላይ የሚቀር ነገር አለ።

#4 ወይራ

በትክክል። ሦስት ነገር ይቀራል። አንደኛ፣ ካስቲያኛ አምስቱንም አናባቢ የትም ቦታ ጥርት አድርጎ ይጠራል፤ ካታላን ተናጋሪ ግን ጫና ካልወደቀበት ያደበዝዘዋል። ሁለተኛ፣ የካታላን «ል» ከጉሮሮ ወፍራም ሆኖ ይወጣል። ሦስተኛ፣ በሁለት አናባቢ መካከል ያለው «ስ» ወደ «ዝ» ይሄድበታል። በተራ ወሬ ማንም አይከፋም። የግጥም ተውኔት ላይ ግን አናባቢ ሲደበዝዝ ስንኙ ቤት አይመታም፤ ተመልካቹ ምን እንደጎደለ ሳያውቅ «ይቺ ሴት የኛ አይደለችም» ይላል። ከማድሪድ በፊት የ1913ቱ የደቡብ አሜሪካ ጉዞ የጠቀማት ለዚህ ነው፤ በየማታው በካስቲያኛ እየተጫወተች ገባች።

#5 አቡሻህር

ቀኖቹን ወደ እኛ አቆጣጠር የምትመልሱ ሰዎች ጥንቃቄ አድርጉ። አብዛኛው ሰው «ስምንት ቀንስ» ብሎ ያልፋል። የሎርካ ተውኔቶች ግማሾቹ ዲሴምበር ላይ ነው የተከፈቱት፤ ከመስከረም 1 እስከ ዲሴምበር መጨረሻ የሚቀነሰው ሰባት ነው። «ዬርማ» ዲሴምበር 29 ቀን 1934 ስለሆነ ታኅሣሥ 20 ቀን 1927 ዓ.ም. ነው እንጂ 1926 አይደለም።

«ዶኛ ሮሲታ» ላይ ሌላ ወጥመድ አለ። ዲሴምበር 12 ቀን 1935 ነው። 1927 ዓ.ም. ጳጉሜ 6 የሆነበት ዓመት ስለነበር 1928 የገባው ሴፕቴምበር 12 ነው፤ እስከ ፌብሩዋሪ መጨረሻ ሁሉም ነገር በአንድ ቀን ይገፋል። ስለዚህ ታኅሣሥ 2 እንጂ ታኅሣሥ 3 አይደለም።

ልደቷ ደግሞ ከሁሉም የባሰ ነው። ጁን 18ን በዛሬው ሠንጠረዥ ብትፈልጉ ሰኔ 11 ታገኛላችሁ። በ1888 ግን ሰኔ 12 ነው፣ ሰኔ 12 ቀን 1880 ዓ.ም.፣ የሰኔ ሚካኤል ዕለት። ምክንያቱ 1900 ነው፤ በፈረንጆቹ ያ ዓመት ፌብሩዋሪ 29 አልነበረውም፣ በእኛ ግን የተዘለለ ቀን የለም። ከዚያ በፊት እስከ 1800 ድረስ ያለ ማንኛውም ቀን በአንድ ይለያል።

በ1933 «ሜዴያ»ን ሜሪዳ ላይ የተጫወተችው ጁን 18 ነው፤ በፈረንጅ 45ኛ ልደቷ ላይ ይውላል። በእኛ ብትቆጥሩት ሰኔ 11 ስለሆነ አንድ ቀን ይጎድላል :)

#6 ባለ ክራሩ

ጥሩ ክር ነው። አንድ ነገር ልጨምር፤ የሎርካን «የደም ሠርግ»ንም መጀመሪያ ያወጣችው እሷ ናት፣ በ1933። ከዝርዝሩ ቀርቷል።

#7 መጋረጃ ገላጭ

አይ ወንድሜ፣ እሱን ሆን ብዬ ነው የተውኩት። «የደም ሠርግ» ማርች 8 ቀን 1933 ማድሪድ ቤያትሪስ ቴአትር የተከፈተው በሆሴፊና ዲያስ ዴ አርቲጋስ ቡድን ነው። በዚያው ዓመት ቦነስ አይረስ ላይ ትልቅ ገንዘብ ያመጣለት ደግሞ የሎላ ሜምብሪቬስ ዝግጅት ነው። ሺርጉ የሠራችው ቆይታ፣ በ1935 መጨረሻ ባርሴሎና ነው። በ1938 አርጀንቲና ውስጥ ኤድሙንዶ ጊቡርግ በፊልም ሲያዘጋጀው እናቲቱን የምትጫወተው እሷ ናት። ስሕተቱ የሚመጣው ከዚህ ይመስለኛል፤ ሰው ያየው ፊልሙን ስለሆነ መድረኩንም ለእሷ ይሰጣታል።

ሌላም የሚያምታታ አለ። «የበርናርዳ አልባ ቤት» ቦነስ አይረስ፣ አቬኒዳ ቴአትር የተከፈተው ማርች 8 ቀን 1945 ነው። ያው ወር፣ ያው ቀን፣ የ12 ዓመት ልዩነት። ሁለቱም የካቲት 29፣ አንዱ 1925 ሌላው 1937 ዓ.ም. አቡሻህር ያርመኝ።

#8 አቡሻህር

ልክ ነው።

#9 ባለ ክራሩ

ተቀብያለሁ፣ አመሰግናለሁ። እንዲያ ከሆነ መጀመሪያ እሷ ያወጣቻቸው የትኞቹ ናቸው?

#10 መጋረጃ ገላጭ

አምስት። «ማሪያና ፒኔዳ»፣ ጁን 24 ቀን 1927፣ ባርሴሎና ጎያ ቴአትር፤ የመድረኩን ሥዕል የሠራው ሳልቫዶር ዳሊ ነው፣ ያኔ 23 ዓመቱ። «ተአምረኛዋ የጫማ ሰፊ ሚስት»፣ ዲሴምበር 24 ቀን 1930፣ ማድሪድ ኤስፓኞል ቴአትር፤ መግቢያውን ሎርካ ራሱ ወጥቶ ተናገረው። «ዬርማ»፣ እዚያው ኤስፓኞል። «ዶኛ ሮሲታ»፣ ባርሴሎና ፕሪንሲፓል ፓላስ። አምስተኛው «በርናርዳ አልባ»፣ ደራሲው ከሞተ ከዘጠኝ ዓመት ገደማ በኋላ።

ሎርካ ብቻ እንዳይመስላችሁ። የራፋኤል አልቤርቲን «ፌርሚን ጋላን» በ1931፣ «ኤል አዴፌሲዮ»ን በ1944 ያወጣችው እሷ ናት። በ1931 መጨረሻም የማኑኤል አሳኛን «ላ ኮሮና» ሠርታለች። አሳኛ ማለት ያኔ የአገሪቱ ጠቅላይ ሚኒስትር ነው። ይህን ያዙት፤ «ዬርማ» ላይ ይመለሳል።

#11 ደጀ ቴአትር

ስለ ኤስፓኞል ቴአትር የአሠራሩን ነገር ልጻፍ፤ ያለ እሱ ሥራዋ አይገባም።

ኤስፓኞል የማድሪድ ማዘጋጃ ቤት ንብረት ነው። ማዘጋጃ ቤቱ ራሱ ቴአትር አይሠራም፤ ቤቱን ለአንድ ቡድን በውል ይሰጣል። የሺርጉ ቡድን ከ1930 እስከ 1935 ይዞታል፤ አዘጋጁ ሲፕሪያኖ ሪባስ ቼሪፍ ነበር፤ ቆይቶ ኤንሪኬ ቦራስ በመሪ ተዋናይነት ተጨመረ።

በዘመኑ ልማድ በቀን ሁለት ትርኢት አለ፣ አመሻሽ ላይ አንድ፣ ማታ አንድ። ተውኔት ካልሸጠ በሳምንት ውስጥ ይወርዳል፤ ስለዚህ አንዱን እየተጫወቱ ሌላውን ይለማመዳሉ። ይህን ያህል ቃል በዚህ ፍጥነት በቃል መያዝ አይቻልም። መድረኩ ፊት ለፊት ወለሉ ውስጥ ጉድጓድ አለ፣ በላዩ ቅርፊት የመሰለ ክዳን፤ ውስጡ ቃል አስታዋሹ ተቀምጦ አረፍተ ነገሩን ከተዋናዩ ቀድሞ ያንሾካሹካል።

ችግሩ የት ነው? ተዋናዩ ቃሉን ለመስማት ወደ ጉድጓዱ ይጠጋል። ሁሉም መሃል ፊት ለፊት ይቆማል፣ ጀርባው መድረክ ባዶ ይቀራል፣ ንግግሩም በየአረፍተ ነገሩ ይቆራረጣል፣ አንድ ጆሮ ታች ስለሆነ። ሪባስ ቼሪፍ ከመሳሰሉት ጋር የመጣው ለውጥ መብራት ብቻ አይደለም። አዘጋጅ የሚባል ሰው ተቀምጦ ማን የት እንደሚቆም ሲወስን አስታዋሹ ጋ መሮጥ ይቀራል፤ ያ ማለት ረጅም ልምምድ፣ ያ ማለት ብዙ ወጪ። የከፈለችው እሷ ናት። ተዋናይት ከሆነች በኋላ በአዘጋጅ መታዘዝን የፈቀደችውም እሷ ናት፤ በዚያ ዘመን የቡድን መሪ የሆነ ኮከብ ይህን በቀላሉ አያደርግም።

#12 ጉልላት

@ደጀ ቴአትር፣ ሜሪዳስ? እዚያ አስታዋሽ የት ይቀመጣል :)

#13 ደጀ ቴአትር

ሃሃ። ሜሪዳ ሌላ ዓለም ነው። ቴአትሩ ሮማውያን በ16 ወይም በ15 ቅ.ል.ክ. በአግሪፓ ዘመን የሠሩት የድንጋይ ግማሽ ክብ ነው፤ ወደ 6000 ሰው ይይዛል። በ1910 ቁፋሮ ሲጀመር ከአፈር በላይ የሚታየው ጥቂት ነበር። በ1933 እዚያ ትርኢት ማድረግ ማለት ከብዙ መቶ ዓመት በኋላ ቤቱን ለሥራው መመለስ ነው። የዛሬው የሜሪዳ ፌስቲቫል ዕድሜውን የሚቆጥረው ከዚያ ቀን ነው።

በአማርኛ ሲጻፍ የሚሳሳተው፣ «ሜዴያ» ሲባል የግሪኩ የዩሪፒደስ ይመስላል። የሮማዊው የሴኔካ ነው፤ ሚጌል ዴ ኡናሙኖ ከላቲን ወደ ካስቲያኛ ስድ ንባብ የመለሰው። ሴኔካ ደግሞ እዚያው ስፔን፣ ኮርዶባ የተወለደ ነው፤ ምርጫው የዘፈቀደ አይደለም። ልዩነቱ ለተዋናይቷ ትልቅ ነው። በዩሪፒደስ ሜዴያ ልጆቿን የምትገድለው ከቤት ውስጥ ነው፤ ተመልካቹ ጩኸት ይሰማል። በሴኔካ ግን በዓይን ፊት ነው፣ መጨረሻውም ጣራ ላይ። ስለዚህ ከፍታ ያስፈልጋል፤ የሮማው መድረክ የጀርባ ግድግዳ ባለ ዓምድ ፎቅ ስለሆነ ለዚህ የተፈጠረ ነው።

ድምፁን በተመለከተ፣ ጣራ በሌለበት ቦታ አናባቢ ይሄዳል፣ ተነባቢ ይሞታል። ተዋናይ ይህን ሳያውቅ ይጮሃል፤ ሲጮህ አናባቢው ይረዝማል፣ ቃሉ ጭራሽ ይጠፋል። መድኃኒቱ ተቃራኒው ነው፤ ተነባቢውን አጥብቆ መምታት፣ አረፍተ ነገሩን ማሳጠር፣ ፊትን ወደ ግማሽ ክቡ መሃል ማድረግ፣ ጎን ለጎን ሲነጋገሩ እንኳ ከሩብ በላይ አለመዞር። ነፋስ ሲመጣ ዝም ማለት።

#14 ወይራ

ወደ «ዬርማ» ልመለስ፤ ርእሱን «መካኗ» እያሉ የሚተረጉሙ አሉ። በጥንቃቄ። በስፓኒሽ «ዬርሞ» ያልታረሰ፣ ሰው የሌለበት መሬት ነው። ሎርካ ያንን ቃል አንስታይ አድርጎ የሰው ስም አደረገው፤ በስፔን እንዲህ የምትባል ሴት የለችም። በአማርኛ ቅርቡ «ጠፍ» ነው። ጠፍ መሬት ዘር አልወደቀበትም ማለት እንጂ አያበቅልም ማለት አይደለም። «መካን» ብላችሁ ርእስ ከሰጣችሁ ተውኔቱ የሚጠይቀውን ጥያቄ ገና መጋረጃው ሳይከፈት መለሳችሁ። ልጅ ያጡት በእሷ ነው፣ በባልየው በሁዋን ነው፣ ወይስ እሱ ስላልፈለገ? ተውኔቱ አይናገርም።

ስሙን «ዬርማ» ብሎ መተውና መሬት በሚነሳበት ቦታ ሁሉ «ጠፍ»ን መጠቀም የተሻለ መንገድ ነው።

#15 መጋረጃ ገላጭ

እስማማለሁ። ስለ መክፈቻው ማታ ልጨምር። አሳኛ በኦክቶበር 1934 ታስሮ ነበር፤ የተፈታው ዲሴምበር 28 ነው። «ዬርማ» የተከፈተው በማግሥቱ። የተውኔቷ አዘጋጅ ሪባስ ቼሪፍ የአሳኛ ሚስት ወንድም ነው፤ ሺርጉም የአሳኛ ወዳጅ መሆኗ የተደበቀ አልነበረም። መጋረጃው ሲከፈት ከላይ ከሰገነቱ የቀኝ ክንፍ ወጣቶች መጮህ ጀመሩ፤ ስድቡ ለእሷም ለደራሲውም ነበር። ሌላው ተመልካች ተነሥቶባቸው ተባረሩ፣ ትርኢቱ ቀጠለ፣ መጨረሻው ትልቅ ድል ሆነ።

ይህን የሚጽፍ ሰው «ተመልካቹ ተቃወመ» ይላል። ተመልካቹ አይደለም፤ ተውኔቱ ገና ሳይጀመር የመጡ ናቸው።

#16 ጉልላት

ዕድሜዋን ሳስበው ይገርመኛል። «ዬርማ» ላይ 46 ዓመቷ ነው፤ ገፀ ባሕርይዋ ግን ካገባች ገና ሁለት ዓመት ከጥቂት ቀን ነው። «ዶኛ ሮሲታ» ላይ ደግሞ 47 ሆና የ20 ዓመት ልጅ ሆና ነው የምትገባው። እንዴት ተቀበሏት?

#17 ደጀ ቴአትር

ሮሲታ ሦስት ገቢር ናት፤ በገቢሮቹ መካከል ወደ 25 ዓመት ያልፋል። እጮኛዋ ወደ አሜሪካ ሄዶ ትጠብቀዋለች። አጎቷ የሚያሳድገው ጽጌረዳ አለ፤ ጧት ቀይ፣ ከሰዓት ነጭ፣ ማታ ይረግፋል። ልብሷም ያንን ይከተላል፤ ሮዝ ትገባለች፣ እየነጣች ትሄዳለች።

የተለመደው ስሕተት ወጣት ተዋናይት ወስዶ በቀለም ማስረጀት ነው። በ3ኛው ገቢር ዱቄት የተነፋበት ፀጉር ይታያል፣ ሰው ይስቃል። በዕድሜ የገፋችው ተዋናይት ግን ወጣትነትን የምታሳየው በፊቷ ሳይሆን በፍጥነቷ ነው። በ1ኛው ገቢር እንደ ንፋስ ትገባለች፣ ትወጣለች፣ አትቀመጥም፣ ባርኔጣዋን ትፈልጋለች። ተመልካቹ ፊቷን አጥርቶ ለማየት ጊዜ አያገኝም። 2ኛው ላይ ቀርፈፍ። 3ኛው ላይ ትቀመጣለች፤ ያኔ ፊቷ ሙሉ ይታያል፣ እውነተኛ ዕድሜዋ ሥራውን ይሠራል። ቀለም አያስፈልግም። መጨረሻውን መጀመሪያ የማስላት ነገር ነው።

#18 ባለ ክራሩ

ለባርሴሎና የላ ራምብላ ጎዳና አበባ ሻጮች ልዩ ትርኢት የተደረገው በዚህ ተውኔት ነው አይደል?

#19 መጋረጃ ገላጭ

አዎ፣ ዲሴምበር 22 ቀን 1935። ሎርካ ለሻጮቹ ንግግር አደረገላቸው። በሕይወት እያለ የተከፈተ የመጨረሻ ተውኔቱ እሱ ነው። በኦገስት 1936 ግራናዳ አጠገብ ተገደለ። «የበርናርዳ አልባ ቤት»ን ጽፎ የጨረሰው ጁን 19 ነው፤ ሁለት ወር ገደማ ነው።

#20 ደጀ ቴአትር

«በርናርዳ»ን ለማዘጋጀት ለምታስቡ ሁለት ነገር በቅርብ እንይ።

አንደኛው ዱላዋ። በርናርዳ በዱላ ተደግፋ ትገባለች፣ መሬቱን በሱ ትመታለች፤ በ3ኛው ገቢር ትንሿ ልጅ አዴላ ነጥቃ ለሁለት ትሰብረዋለች። ተውኔቱ በሙሉ ለዚያ ስባሪ ነው የሚሄደው። እንጨቱ እንቢ ካለ ግን ነገሩ ቀልድ ይሆናል፤ ልጅቷ በጉልበቷ ትታገላለች፣ ሰው ይስቃል።

ሁለት ዱላ ይኑር። ለ1ኛውና ለ2ኛው ገቢር ጠንካራው፣ ለ3ኛው የተዘጋጀው። ቁመናቸውና ቀለማቸው አንድ። የሚሰበረው ደረቅ እንጨት ይሁን፤ እርጥቡ ይጎብጣል እንጂ አይሰበርም፣ ቢሰበርም በጭረት ተያይዞ ይንጠለጠላል። ውፍረቱ 2.5 ሴንቲ ሜትር አካባቢ ከሆነ በአንድ ጎኑ ከግማሹ ትንሽ አለፍ አድርጋችሁ በቀጭን መጋዝ ቁረጡት። ቦታው ከመያዣው ወደ ታች ሲሶው ላይ ነው፤ መሃል ለመሃል ካደረጋችሁት አዴላ ሁለት እጇን አስፍታ ለመያዝ ትቸገራለች። ክፍተቱን በሻማ ሰም ሙሉትና በጫማ ቀለም አብሱት። የተቆረጠበትን ጎን የሚያሳይ ትንሽ ምልክት መያዣው ሥር አድርጉ፤ አዴላ ምልክቱን ወደ ተመልካቹ አድርጋ ወደ ራሷ ስትስበው ክፍተቱ ይከፈታል፣ ቀጭ ይላል። በተቃራኒው ከያዘችው ክፍተቱ ይዘጋል፤ ዱላው እንደ ደኅና ዱላ ይቆማል። አብዛኛው አደጋ የሚመጣው ከዚህ ነው።

በርናርዳ በተዘጋጀው ዱላ ቀጥ አድርጋ ከመታች አይጎዳም፤ ኃይሉ በእንጨቱ ርዝመት ይሄዳል። አግድም ካጋደለችው ግን ጊዜው ሳይደርስ እጇ ላይ ይቀራል። በቀን ሁለት ትርኢት ቢሆን ለአንድ ሳምንት 14 ዱላ ነው፤ ለልምምድ ሌላ ስድስት ያዙ።

ሁለተኛው ቀለም ነው። ግድግዳው ነጭ፣ ሴቶቹ ሐዘን ላይ ስለሆኑ ጥቁር። ነጭ ግድግዳ ፊት ለፊት መብራት ሲያርፍበት ጥቁሩን ይበላዋል፤ ፊቶቹ ይጨልማሉ፣ ሴቶቹ ጥላ ይሆናሉ። መብራቱን ከጎን አምጡት፣ ተዋንያኑንም ከግድግዳው ቢያንስ ሁለት ሜትር አርቋቸው።

#21 ጉልላት

«ዱላ» ነው «ምርኩዝ»? በአማርኛው ትርጉም።

#22 ወይራ

«ከዘራ» ብል እመርጣለሁ። ምርኩዝ የአቅም ማነስ ነው። ከዘራ በእኛ የአባወራ ነው፤ ባሏ ሞቶ ሥልጣኑን የያዘች ሴት ከዘራ ይዛ ስትገባ ያለ ንግግር ይገባናል።

ከዚሁ ጋር፣ የበርናርዳ የመጀመሪያ ቃልም የመጨረሻ ቃልም አንድ ነው፣ ዝምታን የምታዝበት። በስፓኒሽ ስም ነው፣ ግሥ አይደለም። «ዝም በሉ» ብንል ሰዎች ይኖሩበታል፣ ቁጥርና ፆታ ይገባበታል፤ መጨረሻው ላይ ለማን እንደምትናገር አይታወቅምና ያ ይጎዳል። የትኛውንም ምረጡ፤ ሁለቱ ቦታ ላይ ግን ያው ቃል ይሁን። ተርጓሚዎች ድግግሞሽ ሲያዩ ማሳመር ይወዳሉ፤ እዚህ ማሳመር ማፍረስ ነው።

#23 ባለ ክራሩ

«ጸጥ!» ቢሆንስ?

#24 ወይራ

ሳስበው ነበር። ሁለት ፊደል፣ ሁለተኛው እንደ ክዳን የሚዘጋ። ጥሩ ነው።

#25 ዋርካ

ዘግይቼ ገባሁ። የስደቱን ክፍል በሁለት መስመር ነው ያለፋችሁት፤ 33 ዓመት እኮ ነው።

ከጦርነቱ በኋላ የአሸናፊው የፍራንኮ ፍርድ ቤት በሌለችበት ፈርዶባት ንብረቷ ተወረሰ፣ አገሯ እንዳትገባ ለዘለቄታው ተከለከለች። «በፈቃዷ ቀረች» የሚለው አነጋገር መጠንቀቅ የሚፈልገው ለዚህ ነው። አርጀንቲናና ቺሊ ሠርታ፣ በ1949 ሞንቴቪዴዮ ኡራጓይ ገባች። ማዘጋጃ ቤቱ በዚያ ዓመት የድራማ ጥበብ ትምህርት ቤት ከፈተ፤ እስከ 1957 የመራችው እሷ ናት፤ ትምህርት ቤቱ ዛሬ በስሟ ይጠራል። ጎን ለጎን ለብሔራዊው የኮሜዲያ ናሲዮናል ቡድን «ላ ሴሌስቲና»ን የመሳሰሉ ሥራዎች አዘጋጅታለች። ከእሷ እጅ ካለፉት መካከል ተዋናይቷ ቺና ሶሪያ ትገኛለች፤ በኡራጓይና በአርጀንቲና ይህን ስም የማያውቅ የለም።

በ1963 ቦነስ አይረስ ሳን ማርቲን ቴአትር «ዬርማ»ን ስታዘጋጅ ዋናዋን ገፀ ባሕርይ ለማሪያ ካሳሬስ ሰጠቻት። ካሳሬስ በጁላይ 1936 ጦርነቱ ሲጀምር ጠቅላይ ሚኒስትር የነበረው ሰው ልጅ ናት፤ በ14 ዓመቷ ፈረንሳይ ተሰድዳ እዚያ ታላቅ ተዋናይት የሆነች። ሁለት ስደተኞች፣ በሦስተኛ አገር፣ የተገደለ ሰው ተውኔት። በ1967ም አሜሪካ፣ ማሳቹሴትስ፣ ስሚዝ ኮሌጅ ላይ ያንኑ ተውኔት ከተማሪዎች ጋር ሠርታለች። 79 ሊሆናት ነው ያኔ።

#26 ጉልላት

ፊልሞቿስ? ድምፅ አልባ ዘመን ላይ ሠርታለች ይባላል።

#27 መጋረጃ ገላጭ

ሠርታለች። ባርሴሎና ውስጥ «የሾፐን ኖክተርን» በ1915፣ «ወጣቷ ንግሥት» በ1916 አሉ። ግን ፊልም ለእሷ ዋና ሥራ አልነበረም። ከመድረክ ስለመጣችም ካሜራው አይምራትም። የ1938ቱን «የደም ሠርግ» ስታዩ እጇን ተመልከቱ፤ የእጅ እንቅስቃሴዋ የተለካው ለ3ኛ ሰገነት ነው፣ ካሜራው ግን ሁለት ሜትር ላይ ነው። እንደ ፊልም ትወና ይበዛል። እንደ ሰነድ ግን ዋጋ የለውም አይባልም፤ ሎርካ የሚያውቀው ድምፅ፣ ስንኙን እንዴት እንደምትይዝ፣ የት እንደምትተነፍስ የሚሰማበት ነው። ድምፁን ከፍ አድርጋችሁ ምስሉን ዘግታችሁ አንዴ ስሙት።

በነገራችን ላይ ማነጻጸር የምትፈልጉ ኑሪያ ኤስፔርትን ፈልጉ። እሷም ካታላን፣ በ1935 የተወለደች፤ በ1954 በ19 ዓመቷ በ«ሜዴያ» የታወቀች። በ1971 በቪክቶር ጋርሲያ አዘጋጅነት «ዬርማ»ን በተወጠረ ሸራ ላይ ተጫወተች፤ እግር የሚሰጥም፣ የሚዘል መድረክ። ለሴትየዋ የሚቆም መሬት የለም ማለት ነው። በ1986 ለንደን ላይ «በርናርዳ»ን አዘጋጅታለች።

#28 ዋርካ

አንድ እርማት ለ#1። ሞንቴቪዴዮ አረፈች የሚለው ልክ ነው፤ ግን «እዚያው ተቀበረች» ብለው የሚጨምሩ አሉ፣ ረቂቅህ ውስጥ እንዳይገባ። አፅሟ በ1988፣ በተወለደች በ100ኛው ዓመት፣ ወደ ሞሊንስ ዴ ሬይ ተመልሷል። መቃብሯ አሁን እዚያ ነው።

#29 መጋረጃ ገላጭ

አስገባዋለሁ። እና «ረቂቅህ» ሳይሆን «ረቂቅሽ» ነው :)

#30 ዋርካ

ይቅርታ እህቴ። «ረቂቅሽ» ብዬዋለሁ።